የቅዱስ ቁርባን ጉባኤ ከየት መጣ? የጉልበት ማሳያ ነው ወይ ለሚለው ጥያቄ የተሰጠ ምላሽ

ጥያቄው እንዲህ ይላል፦ «በ2024 በኢኳዶር ዋና ከተማ በኪቶ ስለተካሄደው ዓለም አቀፍ የቅዱስ ቁርባን ጉባኤ አነበብኩ። ቅዳሴ በየቀኑ እያለ እንዲህ ያለ ጉባኤ ለምን አስፈለገ? ማን ጀመረው፣ ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳቱ ናቸው? እውነቱን ልናገርና ለእኔ የጉልበት ማሳያ ሰልፍ ነው የሚመስለኝ። ተሳስቻለሁ? የሚቀጥለውስ መቼ ነው?»

እህቴ ሰላም። ጥያቄሽን ወድጄዋለሁ፤ በተለይ የጉልበቷን ነገር። የቤተ ክርስቲያን ታሪክ የምናስተምር ሰዎች ብዙ ጊዜ እሷን ሸፋፍነን እናልፋለን። ስንት ሕዝብ እንደመጣ፣ ስንት ካርዲናል እንደተገኘ ተናግረን እንጨርሳለን። አጭሩ መልሴ ይኸውልሽ፦ አልተሳሳትሽም፣ ግን ያየሽው ግማሹን ነው። ጉባኤዎቹ የጉልበት ማሳያ የሆኑባቸው ጊዜያት አሉ፤ አንዳንዱ ያሳፍራል። ከዚያ ያወጣቸው መቁረቡ ነው። ሕዝቡ ቅዱስ ቁርባንን ከሩቅ አይቶ፣ ሰግዶ ከመመለስ ወደ ማዕዱ ቀርቦ ወደ መቀበል፣ ከዚያም አልፎ የተራበውን ሰው ወደ ማየት እስኪደርስ መቶ ዓመት ገደማ ፈጅቶበታል። ነገሩ ረዘም ይላል፣ ታገሽኝ። ዓመቶቹን ሁሉ የምጽፈው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ማን ጀመረው? ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳቱ አይደሉም። ጳጳስም ካህንም አይደለም። አንዲት ያላገባች ፈረንሳዊት ምእመን ናት። ኤሚሊ ታሚዚዬ ትባላለች፤ በ1834 ቱር በምትባል ከተማ ተወለደች። በወጣትነቷ ከአባ ጴጥሮስ ዩልያኖስ ኤማር ጋር ተዋወቀች። እኚህ ካህን በ1856 ፓሪስ ውስጥ ለቅዱስ ቁርባን ስግደት የተሰጠ የካህናት ማኅበር የመሠረቱ ሲሆኑ በ1962 ቅድስናቸው ታውጇል። ኤሚሊ እሳቸው ወደ መሠረቱት የሴቶች ማኅበር ገብታ ጥቂት ዓመት ኖረች፤ ግን አልሆነላትም፣ ወጣች። ዕድሜዋ ወደ ሠላሳዎቹ ገፍቷል፣ ባል የላት፣ ገዳም የላት፣ ማዕረግ የላት። በዚያ ዘመን በፈረንሳይ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ለእንዲህ ያለች ሴት የተዘጋጀ ቦታ አልነበረም።

የፈረንሳይን ሁኔታም አስቢው። በ1870 እና በ1871 አገሪቱ በፕሩሲያ ተሸነፈች፣ ፓሪስ ውስጥ ደም ፈሰሰ። ከዚያ የመጣው ሪፐብሊክ ደግሞ ከቤተ ክርስቲያን ጋር ተናነቀ። በ1880 ኢየሱሳውያን የሚባሉት መነኮሳት እንዲበተኑ ታዘዘ፣ ትምህርት ቤቶች ከካህናት እጅ መውጣት ጀመሩ፣ በየከተማው ቅዱስ ቁርባንን ይዞ አደባባይ መዞር ይከለከል ጀመር። ብዙ ካቶሊኮች ሽንፈቱን ራሱ አገሪቱ እግዚአብሔርን ስለተወች የመጣ ቅጣት አድርገው ነበር የሚያዩት። በ1873 የተወሰኑ የፓርላማ አባላት ፓሬ ለ ሞኒያል ወደምትባለው ከተማ ተጉዘው አገራቸውን ለኢየሱስ ቅዱስ ልብ ሲሰጡ ኤሚሊ እዚያው ነበረች። ይህን ባየች ጊዜ ነው ሐሳቡ የበሰለላት፦ ሕዝቡ ተሰብስቦ በቅዱስ ቁርባን ፊት ይቁም፣ በአደባባይ ይቁም፣ ያኔ አገር ይድናል።

በመጀመሪያ ያደራጀችው ጉባኤ አልነበረም፣ መንፈሳዊ ጉዞ ነበር። ከቅዱስ ቁርባን ጋር የተያያዘ ተአምር ተደረገባቸው ወደሚባሉ ቦታዎች፣ በ1874 ወደ አቪኞን፣ በቀጣዩ ዓመት ወደ ዱዌ፣ ሰዎች እንዲሄዱ ገፋፋች። መሣሪያዋ ደብዳቤ ነው። ለጳጳሳት ትጽፋለች፣ ለባለጠጎች ትጽፋለች፣ ትለምናለች፣ ትነዘንዛለች። ራሷ ግን ከመድረክ ጀርባ ነበረች፤ ስሟን የሚያውቀው በጣም ጥቂት ሰው ነበር። የሊዮኑ አባ አንቷን ሼቭሪዬ፣ የድኆች ካህን ነበሩ፣ አይዞሽ ይሏታል። ሞንሲኞር ጋስቶን ደ ሴጉር ደግሞ ሐሳቧን ተቀብለው ወደ ጉባኤ ቀየሩት። ሞንሲኞር ደ ሴጉር ከ1854 ጀምሮ ዓይነ ስውር ነበሩ፤ ማየት የተሳናቸው ሰው ናቸው እንግዲህ ሕዝቡ ቶሎ ቶሎ ይቁረብ እያሉ ሲጽፉና ሲሰብኩ የኖሩት። ሊል ውስጥ ፊሊበር ቭሮ የሚባል የክር ፋብሪካ ባለቤት ገንዘቡንም ጉልበቱንም ሰጠ። ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት (ር.ሊ.ጳ.) ሊዮን 13ኛ ባረኩት። የመጀመሪያው ጉባኤ በሰኔ 1881 መጨረሻ በሊል ተከፈተ። ደ ሴጉር ግን አላዩትም፤ እዚያው ወር ውስጥ፣ ጉባኤው ሊከፈት ሦስት ሳምንት እንኳ ሳይቀረው አረፉ። የጉባኤው ቃል «ቅዱስ ቁርባን ዓለምን ያድናል» የሚል ነበር።

እዚህ ላይ ትንሽ ወደ ኋላ ልመለስ፣ ያለዚያ ቀጣዩ ነገር አይገባም። ሕዝብ በቅዱስ ቁርባን ዙሪያ መሰብሰብ የጀመረው ከሊል በፊት ስድስት መቶ ዓመት ቀድሞ ነው። ያኔም የጀመረችው ሴት ናት። የሊዬዥዋ ዩልያና የምትባል መነኩሲት ለቅዱስ ቁርባን የራሱ በዓል ይሁንለት ብላ ስትወተውት ኖራ፣ በ1246 የሊዬዡ ጳጳስ በሀገረ ስብከታቸው ፈቀዱላት። ቀድሞ በዚያው ሀገረ ስብከት ያገለገሉ አንድ ካህን ኋላ ር.ሊ.ጳ. ኡርባኖስ 4ኛ ሲሆኑ፣ በ1264 በዓሉን ለመላዋ የሮም ቤተ ክርስቲያን አዘዙ። ዩልያና ከዚያ ስድስት ዓመት ቀድማ አርፋ ነበር። ከዚያ ወዲያ ዑደቱ፣ የአበባው ምንጣፍ፣ በ16ኛው ክፍለ ዘመን ከሚላኖ የተነሣው የአርባ ሰዓት ጸሎት፣ በየቁምስናው የተመሠረቱት ማኅበራት፣ ሁሉም በየተራ መጡ።

ግን አንድ ጉድለት ነበረበት። ሕዝቡ ያያል፣ ይሰግዳል፣ ይዘምራል፤ አይቆርብም። በ1215 በሮም የተሰበሰበው የጳጳሳት ጉባኤ፣ ላተራን የሚባለው፣ ምእመን ሁሉ ቢያንስ በዓመት አንዴ፣ ለፋሲካ፣ ይቁረብ ብሎ የደነገገው ያንን እንኳ የሚያደርገው ሰው ስለመነመነ ነው። በ17ኛውና በ18ኛው ክፍለ ዘመን ደግሞ ያንሴናውያን የሚባሉት ጥብቅ ሰዎች «አንተ ማን ሆነህ ነው የምትቀርበው» የሚል ፍርሃት ጨመሩበት። ስለዚህ ሊል ላይ የተሰበሰበው ሕዝብ ቅዱስ ቁርባንን እጅግ የሚያከብር፣ ነገር ግን በዓመት ጥቂት ጊዜ ብቻ የሚቀበል ሕዝብ ነበር። እኔ የእነዚህን ጉባኤዎች ታሪክ ሳነብ ሁልጊዜ የምጠይቀው ይህንን ነው፦ በዚህኛው ጉባኤ ሰው አየ ወይስ ቆረበ?

ከሊል በኋላ ጉባኤው በፍጥነት ሄደ፤ አቪኞን በ1882፣ ሊዬዥ በ1883፣ ፍሪቡርግ፣ ቱሉዝ፣ ፓሪስ፣ አንትወርፕ። እነዚህን በዝርዝር አልነግርሽም፣ ባመዛኙ ፈረንሳይኛ ተናጋሪዎች ነበሩ የሚገናኙት። ለየት ያለው የ1893ቱ ነው፤ በኢየሩሳሌም ተደረገ። ከተማዋ ያኔ በኦቶማን ቱርኮች እጅ ናት። ሊዮን 13ኛ የሬምሱን ሊቀ ጳጳስ ካርዲናል ላንዤንዬን ልዩ መልእክተኛ አድርገው ላኩ፤ ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳቱ ለእንዲህ ያለ ጉባኤ ወኪል ሲልኩ የመጀመሪያው ነው። የምሥራቅ ሥርዓት ካቶሊክ ጳጳሳት መጡ፣ በየሥርዓታቸው ቀደሱ፣ የሮምን ሥርዓት የሚከተሉት ላቲኖቹ አዩ። በቀጣዩ ዓመት ሊዮን 13ኛ የምሥራቅ ሥርዓቶች ክብር እንዲጠበቅና ማንም ምሥራቃዊውን ወደ ላቲን ሥርዓት እንዳይጎትት የሚያዝ ደብዳቤ አወጡ። ጉባኤ አንዳንዴ እንዲህ ነው የሚጠቅመው፤ በሩቅ በስም ብቻ የሚተዋወቁ ሰዎች አንዱ የሌላውን መሠዊያ በዓይኑ ያያል። በ1897 ደግሞ ሊዮን 13ኛ ቅዱስ ፓስካል ባይሎንን የእነዚህ ጉባኤዎች ጠባቂ ቅዱስ አደረጉት። ፓስካል በ16ኛው ክፍለ ዘመን የኖረ ስፔናዊ እረኛ ነው፤ በኋላ ፍራንቼስካዊ ወንድም ሆኖ ብዙ ጊዜ የገዳም በር ይጠብቅ ነበር። ለጠባቂነት አንድ ትልቅ ሊቅ ሳይሆን የበር ዘበኛ መመረጡ ደስ ይለኛል።

ትልቁ ለውጥ የመጣው በር.ሊ.ጳ. ፒዮስ 10ኛ ዘመን ነው። በ1905 ጉባኤው ሮም ላይ ተደረገ፣ በዚያው ዓመት ታኅሣሥ ላይ በጸጋ ያለና ቅን አሳብ ያለው ምእመን ሁሉ አዘውትሮ፣ በየቀኑም ቢሆን እንዲቆርብ የሚያበረታታ ድንጋጌ ወጣ። በነሐሴ 1910 ደግሞ ልጆች በሰባት ዓመት ገደማ የመጀመሪያ ቁርባናቸውን እንዲቀበሉ ተወሰነ፤ ከዚያ በፊት አሥር፣ አሥራ ሁለት፣ ከዚያም በላይ እስኪሞላቸው ይጠብቁ ነበር። ደ ሴጉር ሲለፉበት የኖሩት፣ በየጉባኤው ሲነሣ የነበረው ጉዳይ ሕግ ሆነ ማለት ነው። በኔ ግምት ከዚያ ሁሉ ሰልፍ ይልቅ የካቶሊኩን ሕዝብ ሕይወት የቀየሩት እነዚህ ሁለት ሰነዶች ናቸው። ኤሚሊም ያረፈችው በዚያው በ1910 ነው፣ በሰኔ።

አሁን ወደ ጉልበቱ ጉዳይ እንምጣ።

በ1907 ጉባኤው ሜትስ ላይ ነበር። ከተማዋ ያኔ በጀርመን አገዛዝ ሥር ናት፤ መንግሥት የአደባባይ ዑደትን የሚከለክለውን ሕግ ለዚያ ቀን አንሥቶ ፈቀደ። በቀጣዩ ዓመት፣ በመስከረም 1908፣ ተራው የለንደን ሆነ። እዚያ በ1829 የወጣ ሕግ አለ፤ ካቶሊኮችን ከብዙ እገዳ ነፃ ያወጣው ያው ሕግ፣ የካቶሊክ ካህናት ልብሰ ተክህኖ ለብሰው ከቤተ ክርስቲያን ውጪ ሥርዓት እንዳይፈጽሙ ይከለክላል። ለዓመታት የሠራበት ሰው አልነበረም። ሊቀ ጳጳስ በርን ቅዱስ ቁርባንን ይዘው በዌስትሚኒስተር ጎዳናዎች ለመዞር ተዘጋጁ። የፕሮቴስታንት ማኅበራት ተንጫጩ፣ ጉዳዩ ከንጉሡ ጆሮ ደረሰ፣ ጠቅላይ ሚኒስትሩ አስኩዊዝ ቀኑ ሲቃረብ በውስጥ መስመር «ይቅርባችሁ» አሉ። በርን ብልህ ነበሩ፤ የምትከለክሉን ከሆነ በይፋ ተናገሩት አሉ። በይፋ ተነገረ። በካቢኔው ውስጥ የነበሩት ካቶሊኩ ሎርድ ሪፐን ብዙም ሳይቆዩ ሥልጣናቸውን ለቀቁ።

እሑድ ዕለት ሰልፉ ወጣ፣ ቅዱስ ቁርባን ግን ውስጥ ቀረ። የርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳቱ መልእክተኛ ካርዲናል ቪንቸንዞ ቫኑቴሊና ሌሎቹ ካርዲናሎች ያለ ልብሰ ተክህኖ ተጓዙ፣ መንገዱን የሞላው ሕዝብ ዘመረላቸው። ሲመለሱ ካርዲናሉ ቅዱስ ቁርባኑን ይዘው ወደ ካቴድራሉ ሰገነት ወጡና ከላይ ሆነው ከታች የተንበረከከውን ሕዝብ ባረኩ። ሰገነቱ የቤተ ክርስቲያኑ አካል ስለሆነ ሕጉ አልተጣሰም። ያ የ1829 አንቀጽ የተሻረው በ1926 ነው። ይህን ታሪክ የምነግርሽ ወደድሽም ጠላሽም «የጉልበት ማሳያ» የሚለው ቃል ሁለት መልክ ስላለው ነው። በለንደን ያሉ ካቶሊኮች፣ አብዛኞቹ የአየርላንድ ስደተኞችና የስደተኞች ልጆች፣ «እኛም አለን» ማለታቸው ነበር። አናሳ የሆነ ሕዝብ በአደባባይ ልታይ ሲል አንድ ነገር ነው። ገዢ የሆነው ሲል ሌላ ነው።

ሌላውን ለማየት ወደ ካርታጎ እንሂድ። በግንቦት 1930 ጉባኤው ቱኒዚያ ውስጥ፣ በጥንታዊቷ ካርታጎ ፍርስራሽ አጠገብ ተደረገ። ለክርስቲያኑ ቦታው የቅዱስ ቆጵርያኖስ አገር ነው፣ የሰማዕታት አገር ነው፤ ይሄ እውነት ነው። ግን ቱኒዚያ ከ1881 ጀምሮ በፈረንሳይ ሥር ናት፣ ሕዝቧ ሙስሊም ነው፣ ጎረቤት አልጄሪያ ደግሞ የተያዘችበት መቶኛ ዓመት በዚያው ዓመት በፈንጠዝያ እየተከበረ ነው። በዚህ መሐል የመስቀል ጦረኛ ልብስ የለበሱ ልጆች በሰልፍ ወጡ። ሕዝቡ ምን ሊሰማው ይችላል? ተቃውሞ ተነሣ። በኋላ አገሪቱን ለነፃነት የመሩት ሐቢብ ቡርጊባ ያን ጉባኤ ዓይናቸውን ከከፈቱላቸው ነገሮች እንደ አንዱ ይቆጥሩት ነበር። ይህንን መሸፋፈን አያስፈልግም። ለሁሉ የተሰበረውን እንጀራ ለአንድ ወገን ባንዲራ አድርጎ ማውለብለብ ጥፋት ነው፣ ማንም ያድርገው ማን።

በዚያ ዘመን የነበሩት ጉባኤዎች በስፋታቸው ያስደነግጣሉ። ቺካጎ በ1926 ካርዲናሎችን ከኒውዮርክ የሚያመጣ ቀይ ቀለም የተቀባ ልዩ ባቡር አዘጋጀች፤ በሶልጀር ፊልድ ስታዲየም 62,000 የትምህርት ቤት ልጆች ቅዳሴውን በዜማ ተቀበሉ። ደብሊን በ1932 ቅዱስ ፓትሪክ የመጣበትን 1,500ኛ ዓመት እያከበረች በፊኒክስ ፓርክ አንድ ሚሊዮን ገደማ ሰው ሰበሰበች። አየርላንድ ራሷን ማስተዳደር ከጀመረች ገና አሥር ዓመቷ ነው። ዝነኛው ዘፋኝ ጆን ማኮርማክ በቅዳሴው መካከል ዘመረ፣ በየመንገዱ በተሰቀሉ ድምፅ ማጉያዎች ከተማው ሁሉ ሰማው፤ የር.ሊ.ጳ. ፒዮስ 11ኛ ድምፅም ከሮም በሬዲዮ መጣ።

ከእነዚህ ሁሉ እኔን የሚነካኝ የቦነስ አይረሱ ነው፣ ጥቅምት 1934። በአንደኛው ሌሊት ወንዶች ብቻ በሰልፍ ፕላዛ ዴ ማዮ ወደሚባለው አደባባይ እንዲመጡ ተጠሩ። በዚያ አገር ቤተ ክርስቲያን መሄድ የሴት ሥራ ነው የሚል ወንድ ብዙ ነበር፤ አዘጋጆቹም ያን ያህል ይመጣል ብለው አልጠበቁም። ሕዝቡ ጎርፍ ሆነ። ንስሓ የሚገባው በዛና ካህናቱ መናዘዣ ቦታ ጠፋቸው፤ መንገድ ዳር፣ አግዳሚ ወንበር ላይ፣ ቆመውም ጭምር እየሰሙ አደሩ። ለዓመታት ያልቆረበ ሰው ከማያውቀው ሰው ጎን ተሰልፎ ቆረበ። «አየ ወይስ ቆረበ» ያልኩሽ ጥያቄ እዚህ ጋ መልስ አገኘ፤ በዚያች ሌሊት ሰው ቆረበ።

በቦነስ አይረስም፣ በ1938 በቡዳፔስትም የርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳቱ መልእክተኛ ሆነው የመጡት ካርዲናል ኤውጄንዮ ፓቼሊ ናቸው፣ በቀጣዩ ዓመት ፒዮስ 12ኛ የሆኑት። ቡዳፔስት ላይ ቅዱስ ቁርባን በመርከብ ሆኖ በዳኑብ ወንዝ በሌሊት ሄደ፣ ዳርና ዳሩ በመብራት ተሞላ። ከናዚ ጀርመን ግን ምእመናን እንዳይመጡ ሂትለር ከለከለ። ከዚያ ጦርነቱ መጣ፤ እስከ 1952 ጉባኤ አልነበረም። በ1914ም እንዲሁ ነበር፤ በሉርድ የተደረገው ጉባኤ በሐምሌ ተበትኖ በቀናት ውስጥ አውሮፓ በእሳት ተያያዘች፣ አብረው የቆረቡት ሕዝቦች ተገዳደሉ። ይህን ማለፍ አልችልም። ከዚያ ሁሉ ስብሰባ በኋላ እንዲህ መሆኑ ለጉባኤዎቹ ትልቅ ፈተና ነው፣ ለእኛም።

ባርሴሎና በ1952 ከ800 በላይ ካህናት በአንድ ጊዜ በስታዲየም የተካኑባት ናት። የፍራንኮ መንግሥትም ጉባኤውን ከዓለም ተገልሎ ከነበረበት መውጫ አድርጎ ተጠቅሞበታል። ካርታጎን አስታውሺ።

መታጠፊያው ሙኒክ ነው፣ ነሐሴ 1960። ዮሴፍ ዩንግማን የሚባሉ ኢየሱሳዊ የሥርዓተ አምልኮ ሊቅ አንድ የጥንት ልማድ አስታወሱ። በጥንቷ ሮም ጳጳሱ በተወሰኑ ቀናት ወደ አንድ ቤተ ክርስቲያን ይሄዳሉ፣ የከተማው ሕዝብ ሁሉ እዚያ ይሰበሰባል፣ አንድ ቅዳሴ ይቀደሳል። ዩንግማን ይህ ለዓለም ቢሆንስ አሉ። አንዲት ከተማ ትጋብዝ፣ ከዓለም ዙሪያ ሰው ይምጣ፣ መካከሉ ሰልፉ ሳይሆን ቅዳሴው ይሁን። «የዓለም ማረፊያ» የሚል ትርጉም ያለው የላቲን ስም ወጣለት፤ እስከ ዛሬ የጉባኤው የመዝጊያ ቅዳሴ የሚጠራው በዚሁ ነው። ስግደቱና ዑደቱ አልተሰረዙም፤ ከቅዳሴው የሚወጡ፣ ወደ ቅዳሴው የሚመልሱ ሆኑ። በ1973 የወጣው የሮም ሥርዓት መጽሐፍ ይህንኑ ደንብ አደረገው። ጉባኤ ለማዘጋጀት አስቀድሞ ስለ ቅዱስ ቁርባን ጥልቅ ትምህርት ይሰጥ፣ ሕዝቡ በሥርዓተ አምልኮ ንቁ ተሳታፊ ይሁን፣ ለድኆች የሚሆን ሥራም ይሠራ ይላል።

በዚያው በሙኒክ ጉባኤ ሳምንት ሌላም ነገር ተደረገ። ከከተማው አጠገብ ዳካው አለ፣ የናዚ ማጎሪያ። በሺዎች የሚቆጠሩ ካህናት ከመላው አውሮፓ የታሰሩበት፣ ብዙዎቹ የሞቱበት ቦታ ነው። ረዳት ጳጳስ ዮሐንስ ኖይሆይዝለር ራሳቸው እዚያ ታስረው ነበር፤ በግቢው ውስጥ ለክርስቶስ ጣር መታሰቢያ የሚሆን ጸሎት ቤት አሠሩ፣ በጉባኤው ሳምንትም ተባረከ። ከጦርነቱ በኋላ ገና 15 ዓመት ነው። ጀርመን ውስጥ ዓለምን ለመጋበዝ በዚያ በኩል ማለፍ ያስፈልግ ነበር፣ አለፉም።

ከዚያ ቦምቤይ፣ 1964። ር.ሊ.ጳ. ጳውሎስ 6ኛ ራሳቸው ሄዱ፤ ከጣሊያን ውጪ በተደረገ እንዲህ ያለ ጉባኤ ላይ ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ሲገኙ የመጀመሪያው ነው፣ ሕንድን ሲረግጡም የመጀመሪያው። ካቶሊኩ በዚያ አገር ጥቂት ነው። የማሳየት ነገር አይነሣም። እሳቸውም እዚያ ቆመው የዓለም መንግሥታትን አንድ ነገር ጠየቁ፦ ለጦር መሣሪያ ከምታወጡት ገንዘብ ጥቂቱን ቆርጣችሁ ለድኆች የሚሆን የዓለም ፈንድ አቋቁሙ። ሲመለሱ የተጓዙበትን ውድ መኪና ለማዘር ትሬዛ ተዉላቸው፤ እሳቸውም በሎተሪ አሸጡት፣ ገንዘቡ ለሥጋ ደዌ ሕሙማን ሆነ። በ1968 ደግሞ ወደ ቦጎታ ሄዱ፤ ላቲን አሜሪካን የረገጡ የመጀመሪያው ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ሆኑ። ከዚያው ተነሥቶ በሜዴሊን የተቀጠለው የጳጳሳት ጉባኤ ነው የድኆችን ጉዳይ በዚያ አህጉር ቤተ ክርስቲያን መካከል ያስቀመጠው።

ፊላደልፊያ በ1976 ርዕሷን የሰው ልጅ ረሃብ አደረገች፤ የእንጀራ ረሃብ፣ የነፃነት ረሃብ፣ የእውነት ረሃብ፣ የእግዚአብሔር ረሃብ። ማዘር ትሬዛ ነበሩ። ከክራኮው የመጡት ካርዲናል ቮይቲዋ ስለ ነፃነት ረሃብ ሰበኩ፤ ከሁለት ዓመት በኋላ ዮሐንስ ጳውሎስ 2ኛ የሆኑት ናቸው። እና ዶሮቲ ዴይ። የ78 ዓመት አሜሪካዊት አሮጊት ናት፣ አብዛኛውን ሕይወቷን ከድኆች ጋር የኖረች። የተናገረችበት ቀን ነሐሴ 6 ነው፣ ሂሮሺማ ላይ ቦምብ የተጣለበት ቀን። አዘጋጆቹ በዚያው ዕለት ለጦር ኃይሉ ልዩ ቅዳሴ ይዘዋል። እሷም ለቤተ ክርስቲያን ያላትን ፍቅር ከተናገረች በኋላ ይህን ቀን ረስታችኋል፣ ቅዳሴው የንስሓ ይሁን አለቻቸው። እዚያው መድረክ ላይ፣ ለስላሳ በሆነ ድምፅ። የጉልበት ማሳያ ነው ወይ ላልሽው ከዚህ የተሻለ መልስ የለኝም፤ ጉባኤው ራሱን የሚገሥጽ ሰው መድረክ ላይ የሚያቆም ሆኗል።

የቀረውን ፈጠን ልበል። በ1981 መቶኛ ዓመቱ በሉርድ ሲከበር ዮሐንስ ጳውሎስ 2ኛ በግንቦት ተተኩሶባቸው ስለነበር አልተገኙም፤ ቤኒናዊው ካርዲናል ጋንቲን ወከሏቸው። በ1985 ናይሮቢ ስለ ክርስቲያን ቤተሰብ፣ በ1989 ሴኡል ስለ ሰላም፣ በ1997 ቭሮትስዋፍ ስለ ነፃነት።

ደብሊን በ2012 እንደገና ተራ ደረሳት፣ 50ኛው ጉባኤ። ፊኒክስ ፓርክ ላይ የነበረው ሚሊዮን ሕዝብ የለም። በካህናት ላይ የተገለጸው የሕፃናት ጥቃት፣ ከዚያም በላይ ጳጳሳቱ መሸፋፈናቸው፣ የሕዝቡን ልብ ሰብሮታል። በመክፈቻው ከጥቃቱ ከተረፉት አንዱ የጻፈው ጸሎት የተቀረጸበት የድንጋይ መታሰቢያ ቆመ። የርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳቱ መልእክተኛ ካርዲናል ዌሌ ሎክ ደርግ ወደሚባለው የንስሓ ደሴት ሄደው ከተጎዱት ሰዎች ጋር ተቀመጡ። በቂ ነው አልልሽም፣ በቂ አይደለም። ግን በ1932 እና በ2012 መካከል ያለውን ልዩነት ሳይ፣ የሁለተኛው ለመሠዊያው የቀረበ ይመስለኛል።

ሴቡ በ2016፣ ቡዳፔስት በወረርሽኙ ምክንያት አንድ ዓመት ዘግይቶ በ2021፣ ያነበብሽው የኪቶው ደግሞ በመስከረም 2024። ኪቶ የተመረጠችው ኢኳዶር ለኢየሱስ ቅዱስ ልብ የተሰጠችበት 150ኛ ዓመት ስለሆነ ነው፣ ርዕሱም ዓለምን የሚፈውስ ወንድማማችነት ነበር።

«ቅዳሴ እያለ ለምን» ላልሽው እንግዲህ፣ ቅዳሴውን የሚተካ ነገር የለውም። በሳምንቱ ውስጥ ጠዋት ትምህርት አለ፣ የሰዎች ምስክርነት አለ፣ በየቋንቋው ቅዳሴ አለ፣ ሌሊቱን ሙሉ ስግደት የሚደረግባቸው አብያተ ክርስቲያናት አሉ፣ አንድ ቀን ዑደት አለ፣ መጨረሻ ላይ የሁሉም የሆነው አንድ ቅዳሴ። የሚጨምረው ነገር ቢኖር በቁምስናሽ እሑድ ጠዋት ከጥቂት ጎረቤቶች ጋር የምትቀበይው፣ ቋንቋውን ከማታውቂው፣ አገሩን በካርታ ከምታዪው ሰው ጋር የምትካፈይው ያው አንዱ መሆኑን በዓይንሽ ማየት ነው። ይሄ በቃል የሚነገር እምነት ነው፤ ጎንሽ ቆሞ ሲቆርብ ማየት ግን ሌላ ነው።

የሚቀጥለው በ2028 ሲድኒ ነው። ከተማዋ በ1928 አስተናግዳ ነበር፣ መቶኛ ዓመቷ ማለት ነው። ተሳትፎው ለምእመናን ክፍት ነው፤ በየአገሩ የጳጳሳት ጉባኤ ልዑካን ስለሚያሰናዳ መጀመሪያ ቁምስናሽን ወይም ሀገረ ስብከትሽን ጠይቂ፣ ቀደም ብለሽ ከሆነ ይሻላል።